ጋሽ ማለቴ

መጀመሪያ የሰማችው የራሷን ድምፅ ነበር።

«ማ… ማ… ማለቴ፣ እ-እኔ አላየሁም።»

ሚጡ አልጋዋ ጫፍ ላይ ተቀምጣ ከጫማዋ ማሰሪያ ጋር እየታገለች ነበር፤ ማሰሪያው ተቋጥሮባት ከንፈሯን ነክሳለች። አፏ ዝግ ነው። ድምፁ ግን ከመታጠቢያ ቤቱ በር ጀርባ እንደገና መጣ። ቃሉ አፍ ላይ ተንጠልጥሎ፣ ተንፈራግጦ፣ በመጨረሻ ተፈትልኮ የሚወጣበት አወጣጥ የሷ ነው። ከ«ማለቴ» በፊት ያለችው ትንሽ የትንፋሽ ስርቅታም የሷ ናት። ከዚያ ደግሞ ጠብ ጠብ የሚል ነገር ተሰማ፤ ጣት ጭን ሲመታ።

በሩን ገፋ አደረገችው። አባቷ መስታወቱ ፊት ቆሟል። ግማሽ ፊቱ በሳሙና አረፋ ነጭ ሆኗል፤ ምላጩን አየር ላይ ይዞታል።

«መጣሽ? ነይማ ሚጡዬ» አላት በራሱ ድምፅ። «እስቲ ‹ፕሮግራም› በይ።»

«ለ-ለምን?»

«ዝም ብለሽ በይልኝ።»

«ማለቴ፣ ፕ… ፕ… ፕ…» ቃሉ አልወጣ አለ። በሁለት ጣቷ ጭኗን መታ መታ አደረገች። አባቷ ዝም ብሎ ከንፈሯን ያያል። አረፋው እየደረቀ ጉንጩ ላይ ይሰነጠቃል። «…ፕሮግራም።»

«ጎበዝ» አላት። «እስቲ አንድ ሌላ ቃል።»

ሚጡ የዚያን ቀን ትምህርት ቤት የሄደችው ደስ ብሏት ነው። ይኼ የሚገባው እንደሷ ለሚንተባተብ ሰው ብቻ ነው። ሰው ሁሉ ቃሏን ይጨርስላታል። እናቷ በፍቅር ትጨርስላታለች፣ አስተማሪዎቿ ክፍለ ጊዜው እንዳያልቅባቸው ይጨርሱላታል፣ ባለሱቁ ደግሞ ይገምታል። «ክ-ክ» ስትል ክብሪት ያነሳል፤ የፈለገችው ክር ነው። ከመከራከር ክብሪቱን ይዛ መመለስ ስለሚቀላት፣ የቤታቸው መሳቢያ ማንም በማይጭረው ክብሪት ተሞልቷል። እስኪወጣላት ድረስ የጠበቃት የመጀመሪያው ሰው አባቷ ሆነ። ከዚያ ወዲህ በየጠዋቱ ጠራት። አስወራት፣ ጠበቃት፣ አይን አይኗን ሳይሆን አፍ አፏን እያየ። ሚጡም አባት ሲወድ እንዲህ የሚያደርግ መስሏት ነበር።

አባቷ ተዋናይ ነው። ወጣት ሳለ በትምህርት ቤት ቴአትር ላይ ንጉሥ ነበር ይባላል፤ ቴሌቪዥን ቤት ሲገባ ግን ዘበኛ አደረጉት። ለዓመታት በሰው ድራማ ውስጥ በር ሲከፍት ኖረ። «ጌታዬ፣ እንግዳ መጥቷል» ይላል፣ ይወጣል። በሥራው ሲያድግ ደግሞ ሬሳ ሆነ። እናቷ «ሬሳ ሲሆን ነው የሚያምርበት፤ ያኔ ቢያንስ ቀረብ አድርገው ያሳዩታል» እያለች ትቀልድበታለች። አንድ ቀን «በር የሚከፍትልኝ ካጣሁ በሩን ራሴ እሠራዋለሁ» አለና ፕሮዲዩሰር ሆነ።

ከዚያ ሳሎናቸው መነቀል ጀመረ። መጀመሪያ ሶፋው ለቀረጻ ሄደና አልተመለሰም። ቀጥሎ መጋረጃው፣ የግድግዳ ሰዓቱ፣ እናቷ ለሰርጓ የተሰጣት የአበባ ማስቀመጫ። የቀረጻው ቤት እየሞላ፣ የነሱ ቤት የፕላስቲክ ወንበሮች ብቻ የቀሩበት ባዶ ክፍል ሆነ። ጎረቤት ሲመጣ እናቷ «ሳሎናችንን ማየት የፈለገ እሁድ ከሰዓት ቴሌቪዥኑን ይክፈት» ትላለች። የመጀመሪያው ድራማ ወደቀ። ሁለተኛውንም ሰው አላየውም። ሦስተኛው «ጋሽ ማለቴ» ይባላል።

በመጀመሪያው እሁድ ሦስቱም የፕላስቲክ ወንበራቸው ላይ ተቀምጠው የራሳቸውን ሶፋ ተመለከቱ። ሶፋው ላይ አባቷ ተቀምጧል፤ ሆዱ ላይ ትራስ ታስሮለታል፣ እናቷ የሰፋችውን ሰፊ ኮት ለብሷል። የቤት አከራይ መጥቶ ስለተሰበረ መስኮት ይጠይቀዋል።

«ማ… ማ… ማለቴ፣ እ-እኔ አላየሁም» አለ ጋሽ ማለቴ፣ በሁለት ጣቱ ጭኑን እየመታ።

እናቷ ሳቀች። ሳቁ ካመለጣት በኋላ ነው ወደ ልጇ የዞረችው፤ እጇን አፏ ላይ አድርጋ። አባቷ ቴሌቪዥኑን አያይም። እነሱን ነው የሚያየው።

«ሳቅሽ» አላት እናቷን። «አየሽ፣ ሳቅሽ።»

«አንተ ሰውዬ፣ የልጅ አፍ አይቀዳም። ይጋባብሃል።»

«ቢጋባብኝማ ይኼን ሁሉ ልምምድ ባልደከምኩ።»

ሚጡ በየጠዋቱ የተጠራችበትን ምክንያት አሁን ሶፋው ላይ ተቀምጦ እያየችው ነው።

ሰኞ የትምህርት ቤቱ ግቢ በሙሉ ጭኑን እየመታ ነበር። የሻይ ቤቱ ሰውዬ ሂሳብ ሲቀበል «ማ-ማ-ማለቴ፣ መልስ የለኝም» ይላል። የስፖርት አስተማሪው ፊሽካውን ነፍቶ «ማ-ማ-ማለቴ፣ ሩጡ»። ጎፈሬ፣ ከአንደኛ ክፍል ጀምሮ አብራት የምትቀመጠው ጓደኛዋ፣ ክንዷን ይዛ በሕዝቡ መሃል አሳለፈቻት።

«ሙድ አትያዙባት፣ ፋራ ሁላ» ትላለች በየመንገዱ። ቆየት ብላ ደግሞ ጠጋ አለቻትና «ግን አባትሽ አሪፍ ነው የሠራው፤ እውነቴን ነው» አለቻት።

ሚጡ «ማለቴ»ን የምታውቃት እንደ ጓሮ በር ነበር። የፊት ለፊቱ በር ሲዘጋባት በዚያች ትገባለች። አሁን በሯ ላይ አገር ምድሩ ተሰብስቦ ይስቃል። «ማለቴ» ባለች ቁጥር ቃሉን የሚሰማ የለም፤ ሳቁ ይቀድማል። ሳትላት ለመናገር ስትሞክር ደግሞ ጭራሽ አልወጣ ይላታል። እየቆየ እጇን ማውጣት ተወች። ባለሱቁ ጋ ስትሄድ በጣቷ ትጠቁማለች።

አዲስ የታሪክ አስተማሪ የመጣው በዚያ ሰሞን ነው። ስም እንኳን አልለመደም። መጽሐፉን ገልጦ በጣቱ ጠቆማት። «አንቺ፣ መስኮት ጋ። ሁለተኛውን አንቀጽ።»

ተነሳች። «ማ… ማ…» ጣቶቿ ጭኗን መቱ። ክፍሉ ፈነዳ።

አስተማሪው መነጽሩን አወለቀ። «በጣም ያስቃል» አለ። «እኔም እሁድ አይቼዋለሁ። የቴሌቪዥን ቀልድ እዚህ ክፍል ውስጥ አይገባም። በሥርዓት አንብቢ።»

«ቲ-ቲ-ቲቸር፣ ማ… ማለቴ፣ እ-እኔ…»

«አሁንም ትቀጥያለሽ?»

ሚጡ ወደ ጎፈሬ ዞረች። አንድ ዓረፍተ ነገር ይበቃ ነበር፤ የሷ አነጋገር ነው ቲቸር፣ በቃ። የጎፈሬ አፍ ከፈት አለ። ከዚያ ኋላ ያሉት ልጆች ሳቅ መጣና እሷንም ጎተታት፤ ጎንበስ ብላ ትከሻዋ ይንቀጠቀጣል።

«ውጪ» አለ አስተማሪው።

በእረፍት ሰዓት ጎፈሬ መጣችና ግድግዳውን ተደግፋ አጠገቧ ቆመች። «ምን ልበለው ታዲያ? ሁሉም እየሳቀ ነበር» አለች። ደወሉ ሲደወል ወደ ክፍል የገቡት በየፊናቸው ነው።

ለአባቷ ለመናገር የምሳ ሰዓቱን በሙሉ ፈጀባት። አባቷ አልጠበቃትም፤ አፏን መቅዳቱን ከጨረሰ ወዲህ መጠበቅ ትቷል። ከክፍል መባረሯን ሲሰማ ማንኪያውን አስቀምጦ ሳቀ፤ ከዚያ የእናቷን ፊት አየና ሳቁን ዋጠው።

«ማን አንቺ መሆንሽን ያውቃል?»

«ሁ-ሁሉም።»

«እሺ ስሚኝ። በድራማው አንድ ክፍል ላይ ለጋሽ ማለቴ ልጅ እንፈልጋለን። ተዋናይ ሞክረን ሁሉም ማስመሰል ነው የሚሆንባቸው። አንቺ ሥሪልኝ። ያንን ክፍል ከሠራሽልኝ ጋሽ ማለቴን እገድለዋለሁ። መኪና ይገጨዋል፣ አለቀ።»

«አንተ» አለች እናቷ።

«አባት ለልጁ ቃል ሲገባ ጣልቃ አይገባም» አላት። ወደ ሚጡ ዞረ። «እገድለዋለሁ ብያለሁ።»

ሚጡ ሳህኗን እያየች ብዙ አሰበች። ሰውዬው ይሞታል። ትንሽ ይለቀስለታል፣ ከዚያ ይረሳል፤ በር ከፋቹ ተረስቶ የለም? «ማለቴ»ም ወደ ቤቷ ትመለሳለች። በእሺታ ራሷን ነቀነቀች።

የቀረጻው ቤት ስትገባ ሳሎናቸው ተቀበላት። ሶፋው፣ መጋረጃው፣ የግድግዳ ሰዓቱ። በልጅነቷ ሶፋው ላይ የቀደደችው ቀዳዳ እንኳን አለ፤ በካሜራ እንዳይታይ ትራስ ተደርጎበታል። የሌላ ልጅ ቀሚስ አለበሷት፤ ወገቧ ላይ፣ ከቀሚሱ ሥር፣ የማይክራፎኑን ትንሽ ሣጥን አሰሩላት። እንግዳ በር ያንኳኳል፤ እሷ ትከፍታለች፤ ልክ እንደ አባቷ ተንተባትባ «ማለቴ፣ አባባ የለም። ሲመጣ ማን ልበለው?» ትላለች። እንግዳው እየሳቀ ይወድቃል። በቃ፣ ይኼው ነው።

«ጀምሩ» አለ አባቷ።

በሩ ተንኳኳ። ከፈተች። «ማለቴ፣ አባባ የለም። ሲመጣ ማን ልበለው?» አለች።

ሚጡ ራሷ በድንጋጤ አፏን ያዘች። ቃላቱ ዘይት እንደተቀባ ማጠፊያ ነበር የተከፈቱላት፤ አንዱም አልነከሳትም። የሰው ቀሚስ፣ የሰው ቃል፣ የሰው አባት። ሜካፕ የምትሠራው ሴት አጨበጨበች።

«ቁረጥ። ምን ሆነሽ ነው?» አለ አባቷ። «እንደገና። እንደ ቤት አድርጊው።»

እንደገና ከፈተች። እንደገና ጠርቶ ወጣ፣ እንዲያውም ካለፈው ይበልጥ። ሆን ብላ ልትንተባተብ ስትሞክር ደግሞ አባቷ ሞክሮ እንደተዋቸው ተዋናዮች ማስመሰል ሆነባት። ሳቋ መጣ። ከሕፃንነቷ ጀምሮ ስትለምነው የኖረችው ነገር፣ እዚህ፣ የራሳቸው ሶፋ አጠገብ መጣላት። «አ-አባዬ፣ ሰማኸኝ?» ልትለው ዞረች።

«ዛሬ ነው ልሳንሽ የሚፈታው?» አላት፣ በሠራተኞቹ ሁሉ ፊት። «ሌላ ቀን አጥተሽ?»

ሳቋ ጠፋ። አባቷ መዳፉን አጨበጨበና «እረፍት» አለ። ሰዉ ተነሳ። እሱ መጥቶ ሶፋው ላይ አጠገቧ ተቀመጠ፤ ፀጉሯን ዳሰሰ።

«ደከመሽ አይደል የኔ እናት?»

ነቀነቀች።

«እናትሽ ዛሬ ለምን እንዳልመጣች ታውቂያለሽ?» ድምፁን ዝቅ አደረገ። «ለመንኳት። ‹ያቺን ልጅ ሰው ፊት ቆማ ማየት አልችልም፤ ታሳፍረኛለች› አለችኝ።»

ሚጡ አየችው። እናቷ ነች ትናንት ማታ፣ ከቀረጻው ቤት የመጣላትን ቀሚስ በልኳ ያጠበበችላት። «ማ… ማ… ማለቴ…» ጣቶቿ ወገቧ ሥር ጭኗንም ሣጥኑንም እያደባለቁ መቱ። «እ-እ-እማዬ? እ-እማዬ ና-ና-ናት…» አንገቷ ተገተረ። አይኗ ሞላ። በእንባዋ ውስጥ፣ ከአባቷ ትከሻ በላይ፣ ቀይ ነጥብ አየች። የካሜራው መብራት ነው። በርቷል።

«ቁረጥ» አለ አባቷ ቀስ ብሎ፣ የተኛ ሕፃን እንዳይነቃበት የፈራ ይመስል። ከዚያ ግንባሯን ሳማት። «ይኼው። ይኼን ነበር የምፈልገው። እንግዳው ‹ቤት ማን አለ?› ብሎ ይጠይቅሻል፤ ይኼን እናስገባለን፤ ልክክ ይላል። ውሸቴን ነው ደግሞ፣ እናትሽ ቤት ሆና የኔን ኮት እየተኮሰች ነው።»

ካሜራማኑ ከካሜራው ላይ ቀና አላለም። መብራት የሚይዘው ልጅ ግን ጭኑን መታ መታ አድርጎ «የአባቷ ልጅ» አለ።

ቤት ስትደርስ እናቷ ኮቱን እየተኮሰች ነበር። «እንዴት ነበር?» አለቻት። ሚጡ ሄዳ ጀርባዋ ላይ ተለጠፈችና ካውያው እስኪቀዘቅዝ ቆየች።

ከሳምንት በኋላ የድምፅ ባለሙያው ደወለ። ምስሉ ግሩም ነው፤ ድምፁ ግን ተበላሽቷል። ልጅቷ የማይክራፎኑን ሣጥን ስትመታው ቃሉን ሁሉ «ጧ ጧ» የሚለው ሸፍኖታል። ምስሉን እያየች፣ ከንፈሯን ተከትላ፣ ድምፁን ብቻ እንደገና ትስጠን።

የድምፅ ክፍሉ ግድግዳው በሙሉ ስፖንጅ ነው። በመስታወት የተለየ ትንሽ ክፍል አለው፤ እዚያ ውስጥ ማይክራፎን፣ ማዳመጫ፣ ስክሪን። የድምፅ ባለሙያው ወፍራም ሳቂታ ሰው ነው። «ነይ የኔ ኮከብ» ብሎ ወንበሩን ዝቅ አደረገላት።

ሚጡ አልተቀመጠችም። ወደ አባቷ ዞረች። «ጋ-ጋ-ጋሽ…»

«ጋሽ ማለቴ ምን?»

«መ-መ-መቼ…»

«መቼ ይቀጥላል? ይኼ ክፍል እንደተላለፈ ነው። ጣቢያው ሌላ ዙር አዞናል፤ አንቺንም ጨምሮ» አላት ስልኩን እያየ። «ለእናትሽ እንዳትነግሪያት፣ ራሴ ነው የማበስራት።»

መቼ ይሞታል ልትለው ነበር። አባቷ እንደ ባለሱቁ ክብሪት ሰጣት።

ገባች። ማዳመጫውን አደረገች። በስክሪኑ ላይ ሶፋው መጣ፣ ቀሚሱ መጣ፣ የራሷ ፊት መጣ። ጢጥ የሚል ድምፅ ተሰማት፤ ጀምሪ ማለት ነው። ስክሪኑ ላይ ያለችው ልጅ አፏን ከፈተች። ተንፈራገጠች። አንገቷ ተገተረ። እንባዋ ወረደ። ድምፅ የላትም፤ ውሃ ውስጥ ሆና የምትጮህ ትመስላለች። ሚጡ አየቻት። አፏን አልከፈተችም።

«አልሰማችም መሰለኝ» አለ ባለሙያው። «አንዴ እንድገመው።»

ደገመው። ልጅቷ እንደገና ተንፈራገጠች። ሚጡ ዝም አለች። የፈራች መሰላቸው፤ እሷ ግን የምታስበው፣ ለዚች ልጅ ድምፅ የሚሰጣት ሰው ከሌለ እሁድ ማን ሊስቅባት ይችላል የሚለውን ነው። ድምፁ ያለው እዚህ፣ እሷ አፍ ውስጥ ብቻ ነው።

በመስታወቱ ማዶ አባቷ ተነሳ። የማነጋገሪያውን ቁልፍ ተጫነ፤ ድምፁ ጆሮዋ ውስጥ ገባ።

«ሚጡ፣ አትቀልጂብን። አ-አ-አሁን…»

ቆመ። ትንፋሹን ሳበ። «ማ… ማ…»

ባለሙያው ሆዱን ይዞ ሳቀ። «ጋሼ ሙት፣ እዚህ እንኳን ካሜራ የለም እኮ።»

አባቷ አልሳቀም። እንደገና ሞከረ። «ማ… ማ…» በሌላኛው እጁ፣ ከጠረጴዛው በታች፣ ሁለት ጣቶቹ ጭኑን ይመታሉ። አንገቱ ተገትሯል። ላብ ግንባሩ ላይ ችፍ ብሏል። ባለሙያው እንባውን እየጠረገ «ወይ ጋሼ፣ ዛሬስ ገደልከኝ» ይላል። አባቷ በመስታወቱ ውስጥ አያት። ይኼ ጨዋታ እንዳልሆነ በዚህ ሕንፃ ውስጥ የምታውቅ አንድ ሰው ብቻ እንዳለች እሱም አውቋል። አይኑ ቆዪኝ ይላል።

ሚጡ ማዳመጫውን አወለቀች። የአባቷ ድምፅ ጠርሙስ ውስጥ እንደገባ ዝንብ አነሰ። ማዳመጫውን መስቀያው ላይ ሰቀለችው፤ ሽቦው እንዳይንጠለጠል ጠቀለለችው። በመስታወቱ ክፍል በር ወጥታ በሁለቱ መሃል አለፈች።

«ወዴት ነሽ የኔ ኮከብ?» አላት ባለሙያው፣ ገና ከሳቁ ሳይወጣ።

አልዞረችም። የውጪውን በር ከፈተች። በሩ ስፖንጅ የለበሰ፣ ወፍራም ነው፤ ከኋላዋ ሲዘጋ የአባቷን «ማ» ከመሃል ቆረጣት።